ምዕራፍ 7፦ የማይመዝነው ሕግ

በኤፕሪል 1978 (በዚህ ምዕራፍ ያሉት ዘመናት በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የአሜሪካ ዋና ዐቃቤ ሕግ ግሪፊን ቤል ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፊት ሲቆሙ ትንሽ ብልቃጥ ይዘው ነበር። በብልቃጡ ውስጥ የሞተ ዓሣ አለ፤ ርዝመቱ ከአንድ የሰው ጣት አይበልጥም። ዐቃቤ ሕጉ ለዘጠኙ ዳኞች ሊሉ የፈለጉት ነገር ብዙ ቃል አይፈጅም፦ ይህችን ለምታህል ፍጥረት ተብሎ ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ የወጣበት፣ ሊያልቅ ጥቂት የቀረው ግድብ ይቁም ወይ?

ጋዜጦቹም ነገሩን በዚሁ መልክ ተቀበሉት። ካርቱን ሣሉበት፤ ቀለዱበት። ዛሬም ለመጥፋት የተቃረቡ ዝርያዎችን ስለሚጠብቅ ሕግ ክርክር በተነሣ ቁጥር ዓሣ ከሰው የበለጠበት ጉዳይ እየተባለ ይጠቀሳል። እኔ ግን ለዚህ ምዕራፍ የመረጥሁት ተቃራኒውን ያሳያል ብዬ ስለማምን ነው። ዓሣው ባይገኝ ኖሮ ግድቡ ስለሚሠራበት ሸለቆ ማንም ተረጋግቶ ተቀምጦ ሒሳብ አይሠራም ነበር።

ክርክር የተነሣበት የቴሊኮ ግድብ የሚገኝበት ሊትል ቴነሲ ከአፓላቺያን ተራሮች ወደ ምዕራብ የሚወርድ ወንዝ ነው። በአካባቢው ግድብ የሚሠራው ቴነሲ ቫሊ ኦቶሪቲ፣ በአጭሩ ቲቪኤ፣ በ1933 በፕሬዚዳንት ሩዝቬልት ዘመን የተቋቋመ የፌዴራል መንግሥት ድርጅት ነው። መብራት ላልነበረው ገጠር መብራት አስገብቷል፤ ጎርፍ ገትቷል፤ ስሙም የተከበረ ነበር። ችግሩ 1960ዎቹ ሲደርሱ ለግድብ የሚመቹት ቦታዎች አብዛኞቹ ተይዘው ማለቃቸው ነው። ግድብ ለመሥራት የተቋቋመ መሥሪያ ቤት የሚሠራው ግድብ ሲያጣ ምን ያደርጋል? ምክንያት ይፈልጋል። በ1967 ሥራው የተጀመረው የቴሊኮ ግድብ የራሱ ተርባይን አልነበረውም። ውሃውን በቦይ ወደ ጎረቤቱ ፎርት ላውደን ግድብ እየላከ የዚያን ኃይል ጥቂት ከፍ ያደርጋል፤ ከኤሌክትሪክ በኩል ያለው ጥቅም ይኸው ነው። ዋናው ጥቅም የተሰላው በጀልባ ሽርሽርና በመሬት ልማት ነበር። በሐይቁ ዳር ቲምበርሌክ የሚባል አዲስ ከተማ ይቆረቆራል፣ ቦይንግም ባለድርሻ ይሆናል ተባለ። ቦይንግ በ1975 ትቶት ወጣ።

ለዚህ ሥራ ወደ 15 ሺህ ሄክታር የሚጠጋ መሬት ከባለቤቶቹ ተወሰደ። ከ300 በላይ የገበሬ ቤተሰቦች ተነሡ፤ አንዳንዶቹ መሬቱን ለብዙ ትውልድ ያረሱ ናቸው። ሐይቁ የሚሸፍነው ከዚህ መሬት ከግማሽ በታቹን ነው፤ የቀረው ለአልሚዎች እንዲተላለፍ የታሰበ ነበር። ሸለቆው የቸሮኪ ሕዝብ የጥንት አገርም ነው። ቾታና ታናሲ የተባሉት ዋና ከተሞቻቸው፣ ከነመቃብራቸው፣ በዚያ ይገኙ ነበር። የቴነሲ ግዛት ስሟን የወሰደችው ከዚች ታናሲ ነው።

ገበሬዎቹ አቤት አሉ፤ ቸሮኪዎቹ አቤት አሉ፤ በወንዙ ትራውት የሚያጠምዱ ሰዎችም አቤት አሉ። የሚሰማ አልተገኘም። ቲቪኤ የአካባቢ ተፅዕኖ ጥናት በአግባቡ አላቀረበም ተብሎ ሥራው ለሁለት ዓመት ያህል በፍርድ ቤት ቢታገድም፣ ጥናቱ ሲቀርብ እገዳው ተነሣ። ጥናቱን የሚጠይቀው ሕግ ያስጠናል እንጂ አያስቆምም።

በኦገስት 1973 የቴነሲ ዩኒቨርሲቲ የዓሣ ሊቅ ዴቪድ ኤትኒየር በዚያው ወንዝ ጥልቀት በሌለው ጠጠራማ ስፍራ እየዋኘ ሲፈትሽ፣ ከወለሉ ላይ ያላየው ዓይነት ትንሽ ዓሣ አገኘ። ዓሣው የሚኖረው ንጹሕ ውሃ በፍጥነት በሚወርድበት ቦታ ነው፤ የሚበላውም በአብዛኛው ጥቃቅን ቀንድ አውጣ ነው። ውሃው ተገድቦ ሐይቅ ከሆነ ጠጠሩን ደለል ይሸፍነዋል፣ ቀንድ አውጣውም ዓሣውም ያልቃሉ። በእንግሊዝኛ ስኔይል ዳርተር ተባለ፤ ሳይንሳዊ ስሙ ደግሞ ፐርሲና ታናሲ ሆነ።

አራት ወር ከግማሽ ቆይቶ ዲሴምበር 28 ቀን 1973 ፕሬዚዳንት ኒክሰን ለመጥፋት የተቃረቡ ዝርያዎችን የሚጠብቀውን ሕግ ፈረሙ። የተወካዮች ምክር ቤት ያጸደቀው በ355 ድምፅ ነው፤ የተቃወሙት 4 ብቻ ነበሩ። እንዲህ ያለ ስምምነት ዛሬ በዋሽንግተን አይታሰብም። እጃቸውን ያወጡት ሰዎች በዓይነ ኅሊናቸው የነበረው የአገሪቱ አርማ የሆነው ራሰ በራ ንስር፣ ግሪዝሊ ድብና ዓሣ ነባሪ ሳይሆን አይቀርም። የጻፉት ግን ከዚያ የሰፋ ነው። ሕጉ ውበትን፣ ግዝፈትን ወይም ጥቅምን አልጠየቀም፤ ከአንዳንድ ተባይ ነፍሳት በቀር እንስሳቱን ሁሉ፣ ዕፅዋትንም ጭምር አቀፈ። አንቀጽ 7 ደግሞ ማንኛውም የፌዴራል መሥሪያ ቤት የሚሠራው፣ ገንዘብ የሚሰጠው ወይም የሚፈቅደው ሥራ እንዲህ ያለውን ዝርያ ህልውና አደጋ ላይ እንዳይጥል፣ ወሳኝ መኖሪያውንም እንዳያጠፋ አዘዘ። “በተቻለ መጠን” የሚል ቃል የለበትም። “ከአገር ጥቅም ጋር ተገናዝቦ” የሚልም የለበትም። የሕግ ረቂቅ አይቶ ለሚያውቅ ሰው የእነዚህ ቃላት መቅረት ትልቅ ነገር ነው።

ይህን ያስተዋለ አንድ የሕግ ተማሪ ነበር። ሃንክ ሂል ለመምህሩ ለዚግመንት ፕላተር፣ ስለ ዓሣውና ስለ አንቀጽ 7 የሴሚስተር ጽሑፍ ቢጽፍ ይበቃ እንደሆነ ጠየቀ። መምህሩ አዎ ብቻ ብሎ አልቀረም፤ ጉዳዩን አብረው ይዘው ወጡ። በ1975 መገባደጃ ዓሣው በሕጉ ዝርዝር ውስጥ ገባ፤ ክሱ ተከተለ። መጀመሪያ ያየው ፍርድ ቤት ግድቡ ዓሣውን እንደሚያጠፋ ተቀብሎ፣ ሥራው ግን ብዙ ስለሄደ አላስቆምም አለ። ይግባኝ ሰሚው ሻረው፤ ጉዳዩም ዐቃቤ ሕጉ ብልቃጥ ይዘው ወደቀረቡበት ችሎት ደረሰ።

ጁን 15 ቀን 1978 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 6 ለ 3 በሆነ ድምፅ ለዓሣው ፈረደ። ፍርዱን የጻፉት ወግ አጥባቂው ዋና ዳኛ ዋረን በርገር ናቸው። ግድቡን የወደዱ ይመስላል፤ የሕጉ ቃል ግን መውጫ አላስገኘላቸውም። ምክር ቤቱ የዝርያዎችን መጥፋት ዋጋው ምንም ይሁን ምን ለማስቆም ወስኗል፤ ውሳኔው ጥበብ ነው ወይስ ሞኝነት የሚለውን መመዘን የዳኛ ሥራ አይደለም አሉ። ቲቪኤ ሌላ ክርክርም ነበረው፦ ዓሣው ከተመዘገበ በኋላም ምክር ቤቱ ለግድቡ በጀት መመደቡን ስላላቋረጠ፣ ለቴሊኮ ሲል ሕጉን በዝምታ አሻሽሏል ማለት ነው የሚል። ፍርድ ቤቱ በጀት በመመደብ ብቻ ሕግ አይሻርም ሲል መለሰ። በልዩነት የጻፉት ዳኛ ፓወል ውጤቱ ከአእምሮ ጋር የማይስማማ መሆኑን ገልጸው፣ ምክር ቤቱ ሕጉን ያስተካክላል ብለው ተነበዩ። ትንቢታቸው ብዙም አልቆየም።

እዚህ ላይ ቆም ብሎ የሕጉን ተቃዋሚዎች ነገር በቅንነት መስማት ያስፈልጋል፤ ደካማ ክርክር አይደለምና። በሌላው የመንግሥት ሥራ ሁሉ ጥቅምና ጉዳት ይነጻጸራል። መንገድ ሲሠራ ሰው በአደጋ እንደሚሞት ይታወቃል፣ ይሠራል። የሰውን ሕይወት በሒሳብ ውስጥ እያስገባን የዓሣን ሕይወት ከሒሳብ በላይ ማድረግ ለምን? ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ የጠፋ ዝርያ አይመለስም የሚል ነው። እውነት ነው፤ ለእኔ ግን የበለጠ የሚያሳምነኝ ሌላ ነው። ጥያቄው መመዘን ይገባል ወይስ አይገባም ከማለት ይልቅ ሚዛኑን የያዘው ማን ነው የሚለው ነው። በቴሊኮ ሚዛኑን የያዘው ግድቡን የሚሠራው መሥሪያ ቤት ራሱ ነበር። ለአሥር ዓመት ያህል የግድቡን ጥቅም ያሰላው፣ ስሌቱንም ለምክር ቤቱ ያቀረበው እሱ ነው። አልመዝንም ያለው ሕግ ሥራውን ባስቆመ ጊዜ ብቻ ሚዛኑ ከእጁ ወጣ።

የወጣውም በቴነሲው ሴናተር በሃዋርድ ቤከር ምክንያት መሆኑ ነው የነገሩ ቀልድ። ቤከር ግድቡን ለማዳን በ1978 ሕጉ እንዲሻሻልና ሰባት አባላት ያሉት ኮሚቴ እንዲቋቋም አደረጉ። በኮሚቴው ውስጥ የአገር ውስጥ ጉዳይ፣ የግብርናና የጦር ሠራዊት ኃላፊዎች፣ የፕሬዚዳንቱ የኢኮኖሚ አማካሪዎች ሰብሳቢ፣ የአካባቢ ጥበቃና የውቅያኖስና ከባቢ አየር መሥሪያ ቤቶች ኃላፊዎች፣ ጉዳዩ የሚመለከተው ግዛት ተወካይም ይገኛሉ። አምስቱ ከተስማሙ አንድን ሥራ ከሕጉ ነጻ ያወጣሉ፤ ይህም አንድን ዝርያ እንዲጠፋ መፍቀድ ነው። ወዲያው “የእግዜር ቡድን” የሚል ቅጽል ወጣላቸው።

ኮሚቴው ጃንዋሪ 23 ቀን 1979 ተሰበሰበ። ባለሙያዎቹ ያቀረቡት ስሌት የሚከተለው ነው። እስካሁን የፈሰሰው ገንዘብ ፈሷል፤ አይቆጠርም። ከዚህ በኋላ ግድቡን ለመጨረስና የሸለቆውን መሬት በውሃ ለመሸፈን በየዓመቱ የሚታሰበው ወጪ 7.2 ሚሊዮን ዶላር ያህል ነው፤ የሚገኘው ጥቅም 6.5 ሚሊዮን ያህል። የኢኮኖሚ አማካሪው ቻርለስ ሹልትዝ ሥራው 95 በመቶ ተጠናቆ እያለ፣ የማጠናቀቂያው ወጪ ብቻ ከጠቅላላ ጥቅሙ ጋር ተነጻጽሮ እንኳ አያዋጣም አሉ፤ ይህም ስለ መጀመሪያው ዕቅድ አንድ ነገር እንደሚናገር አልሸሸጉም። ሁሉም በአንድ ድምፅ ነጻ የማውጣቱን ጥያቄ ውድቅ አደረጉ። በዓሣው ላይ ያሾፉት ጋዜጦች ለዚህ ስብሰባ የሰጡት ቦታ እጅግ ትንሽ ነበር።

ከዚያ የሆነውን በሕግ ትምህርት ቤት ከሚማሩት ነገር ጋር ማስታረቅ ይቸግራል። በጁን 1979 የተወካዮች ምክር ቤት ወንበሮች ባዶ በነበሩበት ሰዓት፣ የቴነሲው ተወካይ ጆን ዳንከን በኢነርጂና ውሃ የበጀት ረቂቅ ላይ ማሻሻያ አቀረቡ። ማሻሻያው ቴሊኮ የትኛውም ሕግ ቢከለክልም ይጠናቀቅ የሚል ነው። አልተነበበም፤ አልተከራከሩበትም። ፕላተር እንደሚተርከው ሁሉም ነገር የፈጀው 42 ሰከንድ ነው። ሴኔቱ ካንገራገረ በኋላ በጠባብ ልዩነት ተቀበለው፤ ፕሬዚዳንት ካርተርም በሴፕቴምበር እያዘኑ ፈረሙ። ኖቬምበር 29 ቀን 1979 የግድቡ በሮች ተዘጉ።

ቸሮኪዎቹ በመጨረሻው ሰዓት የአባቶቻችን አጽምና የተቀደሰው ቦታችን ከውሃ በታች ሊሆን ነው ብለው ከሰው ነበር። መጀመሪያ የሰማቸው ፍርድ ቤት በመሬቱ ላይ የባለቤትነት መብት የላችሁም አላቸው፤ ይግባኙም አልረዳቸውም። አንድ ዓሣ አምስት ዓመት ባልሞላው ሕግ በአገሪቱ ከፍተኛ ችሎት ሲረታ፣ የአገሩ ጥንታዊ ሕዝብ የሚቆምበት አንቀጽ አልነበረውም። ገበሬዎቹም እንደዚያው። ስለዚህ ነው ሁሉም በዓሣው ጀርባ የተሰለፉት። ተቃዋሚዎች ዓሣው ሰበብ ነው ሲሉ አልተሳሳቱም፤ ግን ሰዎቹ ሰበብ እንዲፈልጉ ያደረጋቸው እውነተኛውን ምክንያታቸውን የሚሰማ ሕግ አለመኖሩ ነው። ከሐይቁ ዳር የተረፈው መሬት ኋላ ለቤት አልሚዎች ተላልፎ፣ ዛሬ የጎልፍ ሜዳና የጡረተኞች መኖሪያ መንደር ተሠርቶበታል።

ዓሣው አልጠፋም። ግድቡ ከመዘጋቱ በፊት የተወሰነው ወደ ሃይዋሲ ወንዝ ተዛውሮ ነበር፤ ከ1980 ጀምሮም በሌሎች ወንዞች ተገኘ። በ1984 አደጋው ቀለል ወዳለው ምድብ ተዛወረ፤ በኦክቶበር 2022 ከዝርዝሩ ወጣ። ለዚህ ካበቁት ነገሮች አንዱ ቲቪኤ ራሱ ኋላ ከግድቦቹ የሚለቀውን ውሃ መጠንና ኦክሲጅን ማሻሻሉ ነው። ታሪክ ወደደም ጠላም ምስጋናውን ለሚገባው መስጠት ነው።

እስካሁን ያነሣነው መንግሥት ራሱን የሚያስርበትን አንቀጽ ነው። የከረረው ጠብ ያለው በአንቀጽ 9፣ ግለሰብን በሚነካው ላይ ነው። ይህ አንቀጽ የተመዘገበን እንስሳ መግደልንና መጉዳትን ለማንም ይከለክላል። መኖሪያውን ማውደምስ መጉዳት ነው? ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1995 አዎ፣ እንስሳውን የሚገድል ወይም የሚያቆስል ከሆነ እንዲህ ብሎ መተርጎም ይቻላል አለ፤ በ2025 የትራምፕ አስተዳደር ይህ ትርጉም ከደንቡ እንዲሰረዝ ሐሳብ አቅርቧል። የባለመሬቶችን ቁጣ ለመረዳት የደቡብ ምሥራቅ አሜሪካን ግንደ ቆርቁር ማየት ይበቃል። ይህች ወፍ ጎጆዋን የምትፈለፍለው በሕይወት ባለ ያረጀ ጥድ ግንድ ላይ ነው። በደንህ ወፏ ከሰፈረች እንጨትህን እንደ ልብ መቁረጥ አትችልም። እንግዲህ ባለመሬቱ ምን ያደርጋል? ሁለት የኢኮኖሚ ተመራማሪዎች በ2003 ባወጡት ጥናት በሰሜን ካሮላይና ወፏ በምትገኝባቸው ሰፈሮች አቅራቢያ ያሉ ባለመሬቶች ጥዳቸውን ሳያረጅ ቀድመው የመቁረጥ ዝንባሌ እንዳላቸው አሳይተዋል። ወፏን የሚጠብቅ ሕግ ወፏ የምትፈልገውን ያረጀ ዛፍ አሳጣት።

መፍትሔው የመጣው ከዚያው ግዛት ነው። ከ1995 ጀምሮ መንግሥት ከባለመሬቶች ጋር ውል መግባት ጀመረ፦ ዛሬ ያሉህን ወፎች ጠብቅ፤ ደንህን ስታሻሽል ተጨማሪ ወፎች ቢመጡ ግን አዲስ ግዴታ አንጨምርብህም። ነገሩ ቀላል ነው፤ እንስሳው ለባለመሬቱ ዕዳ መሆኑ ቀረ። በ2024 ወፏ አደጋው ቀለል ወዳለው ምድብ ተሸጋግራለች። ጥብቅነቱ ለመንግሥት፣ ውሉ ለግለሰብ ቢሆን እንደሚሻል ከዚህ በላይ ማስረጃ የሚያስፈልግ አይመስለኝም።

የ42 ሰከንዱ መንገድም ዝግ ሆኖ አልቀረም። በ2011 አብዛኞቹ የሰሜን ሮኪ ተራሮች ተኩላዎች ከዝርዝሩ የወጡት በበጀት ሕግ ውስጥ በተሰካ አንቀጽ ነው፤ አንቀጹ ፍርድ ቤት ውሳኔውን እንዳይመረምርም ከልክሏል። ስለ ተኩላዎቹ መብዛት ባለሙያዎቹ ትክክል ሊሆኑ ይችላሉ። ክርክሩ በሳይንስ መዘጋት ሲችል በበጀት መዘጋቱ ግን ለቀጣዩ እንስሳ መጥፎ ልማድ ጥሏል።

ኢትዮጵያዊ አንባቢ ይህ ሁሉ ምን ይመለከተኛል ቢል፣ በአንድ በኩል ይመለከተዋል፤ ዋልያ፣ ቀይ ቀበሮና የስዌይን ቆርኬ በዚሁ በአሜሪካው ሕግ ዝርዝር ውስጥ ተመዝግበዋል። አባይም ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ደርሷል። በአሜሪካ ገንዘብ በአስዋን የሚሠራ ሥራ የአባይን አዞ ይጎዳል ተብሎ የቀረበው ክስ በ1992 የወደቀው፣ ከሳሾቹ አዞውን ለማየት ወደ ግብፅ የሚመለሱበት የታወቀ ቀን የላቸውም፣ ስለዚህ የደረሰባቸው ጉዳት አልተረጋገጠም በሚል ነው።

የበለጠ የሚመለከተን ግን ስሜን ነው። የስሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በ1969 ተቋቋመ፤ በ1978 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ገባ፤ በ1996 አደጋ ላይ ያለ ቅርስ ተባለ። ከዚያ ዝርዝር ለመውጣት ከተጠየቁት ነገሮች መካከል በፓርኩ ውስጥ የሰውና የከብት ጫና መቀነስ ይገኝበታል። በ2016 የግጭ መንደር ሰዎች፣ ከ2 ሺህ በላይ ነፍስ፣ ተነሥተው ደባርቅ ሰፈሩ፤ በቀጣዩ ዓመት ፓርኩ ከአደጋው ዝርዝር ወጣ። በቴሊኮ ገበሬው የተጠለለው በእንስሳው ሕግ ጥላ ሥር ነው፤ በስሜን ገበሬው የተነሣው ለእንስሳው ተብሎ ነው። ከሰሜኑ ጦርነት ወዲህ የተደረጉ ቆጠራዎች ደግሞ የዋልያው ቁጥር በእጅጉ ማሽቆልቆሉን አሳይተዋል። ገበሬውን ማንሣት ብቻውን ዋልያውን አላዳነም።

ወደ ዓሣው ጉዳይ ልመለስና አንድ የቀረ ነገር አለ። በጃንዋሪ 2025 የዬል ዩኒቨርሲቲው ቶማስ ኒርና ባልደረቦቹ ባሳተሙት ጥናት፣ የዘር ቅንጣቱንና የአካሉን ቅርጽ መርምረው ስኔይል ዳርተር ራሱን የቻለ ዝርያ አይደለም አሉ፤ ፐርሲና ዩራኒዲያ የተባለ፣ ቀድሞ የሚታወቅ ዓሣ የምሥራቅ ወገን ነው ሲሉ ደመደሙ። ግድቡን የደገፉ ሰዎች “ይኸው፣ ያኔም ብለን ነበር” አሉ። ጥናቱ ልክ ይሁን። የ1973ቱ ሕግ ጽሑፍ ግን ሙሉ ዝርያዎችን ብቻ አልነበረም የሚጠብቀው፤ ንዑስ ዝርያዎችንና በአንድ አካባቢ አብረው የሚራቡ ቡድኖችንም ያቅፍ ነበር። ስለዚህ ይህ ዓሣ በዚያን ጊዜ በትክክለኛ ስሙ ቢታወቅም ጥበቃ ሊጠየቅለት ይችል ነበር። በኮሚቴው ፊት የቀረበው የ7.2 እና የ6.5 ሚሊዮን ሒሳብ ደግሞ ለዓሣው ዋጋ ተቆርጦለት የተሠራ አልነበረም። ዓሣውን ከነስሙ ብናወጣውም ቴሊኮ አያዋጣም ነበር።